ደራሲውን ማወቅ መጽሐፉን ይለውጠዋል?
ከፈረንሳይ ደራስያን ሕይወትና ሒስ ለቤትዎ መደርደሪያ የሚሆኑ መጻሕፍት

አንድ መጽሐፍ ልብዎን ሲነካው መጀመሪያ የሚያደርጉት ምንድን ነው? አብዛኞቻችን ገልብጠን የጀርባ ሽፋኑን እናያለን። የደራሲውን ፎቶ እንመለከታለን፤ የት ተወለደ፣ ምን ሠርቶ ኖረ፣ አግብቷል ወይ፣ ወልዷል ወይ እያልን እንፈልጋለን። ሰው ነንና ደግ ነገር የነገረንን ሰው ማወቅ እንወዳለን። ችግሩ የሚመጣው ያወቅነው ነገር ደስ የማያሰኝ ሲሆን ነው።

ለዚህ ከዣን ዣክ ሩሶ የተሻለ ምሳሌ አይገኝም። በ1762 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) «ኤሚል» የተባለውን ስለ ልጅ አስተዳደግ የሚያወሳ መጽሐፉን አሳተመ። ልጅ የዐዋቂ ትንሽ ቅጂ አይደለም፤ የራሱ አስተሳሰብ፣ የራሱ ጊዜ አለው አለ። እናት ልጇን ራሷ ታጥባ እንጂ ለቅጥር አጥቢ አትስጥ አለ። ዛሬ ስለ ልጆች አስተዳደግ የምንሰማው ብዙው ምክር ሥሩ እዚያ መጽሐፍ ውስጥ ነው። ይኸው ሰው ግን ከቴሬዝ ለቫሰር የወለዳቸውን አምስት ልጆች ገና እንደተወለዱ በፓሪስ ለሚገኘው የተጣሉ ሕፃናት ማሳደጊያ ሰጥቷቸዋል። በዚያ ዘመን ወደዚህ ዓይነት ቤት ከሚገቡ ሕፃናት ብዙዎቹ በሕይወት አይቆዩም ነበር።

አሁን እርስዎ ወላጅ ከሆኑ ይመልሱ። «ኤሚል»ን ከእጅዎ ይጥሉታል ወይስ ያነብቡታል?

ፈረንሳዮች በዚህ ጥያቄ ላይ ከመቶ ዓመት በላይ ተከራክረዋል። ከክርክሩም ማንም ሰው ማታ ልጆቹን አስተኝቶ ሊያነባቸው የሚችሉ ግሩም መጻሕፍት ተወልደዋል። የሥነ ጽሑፍ ተማሪ መሆን አያስፈልግዎትም። እኔም የቢዝነስ ምሩቅ ነኝ፤ የዕለት እንጀራዬም የገበያ ሥራ ነው። እስቲ ከክርክሩ እንጀምርና ወደ መጻሕፍቱ እንሂድ።

የሰኞው ሐያሲና ተቃዋሚው

በ19ኛው ክፍለ ዘመን ፓሪስ ውስጥ ሻርል ኦግስታን ሳንት ቦቭ የተባለ ሐያሲ ነበር። ከ1849 ጀምሮ በየሳምንቱ ሰኞ በጋዜጣ ላይ ስለ ደራስያን ይጽፍ ነበርና ጽሑፎቹ «የሰኞ ወጎች» ተብለው በብዙ ቅጽ ታትመዋል። የሳንት ቦቭ እምነት ቀላል ነው፤ ዛፉን ሳላውቅ ፍሬውን ልመዝን አልችልም የሚል ነው። ስለዚህ ስለ ደራሲው ሁሉንም ይጠይቃል። በምን ያምን ነበር? ሀብታም ነበር ወይስ ድሃ? ከሴቶች ጋር እንዴት ነበር? የዕለት ኑሮው ምን ይመስላል? ድክመቱስ ምን ነበር?

ሐሳቡ መጥፎ አይመስልም። ነገር ግን ሳንት ቦቭ በዚህ መንገድ ሄዶ የዘመኑን ታላላቅ ደራስያን ሳያያቸው አልፏል። የስታንዳልን ልቦለዶች አቃለለ፤ ባልዛክን አልወደደም፤ ለቦድሌርም የሚገባውን ክብር አልሰጠም። ሰዎቹን በአካል ወይም በወዳጆቻቸው በኩል ያውቃቸው ነበር። በእራት ግብዣ ላይ የሚያያቸው ሰዎች ታላቅ መጽሐፍ ይጽፋሉ ብሎ ማመን ግን ከበደው።

ይህን ስሕተት የያዘው ማርሴል ፕሩስት ነው። ፕሩስት «በሳንት ቦቭ ላይ» በሚለው ጽሑፉ እንዲህ ሲል ይሟገታል፤ መጽሐፍ የሚጽፈው ማንነታችን ጎረቤት የሚያውቀው፣ በግብዣ ላይ የሚጫወተው፣ ከነአመሉ የሚታየው ማንነታችን አይደለም። ሌላ፣ ጥልቅ የሆነ ማንነት አለ፤ እሱን የምናገኘው በራሳችን ውስጥ ፈልገን ብቻ ነው። ፕሩስት ጽሑፉን በሕይወት ሳለ አላሳተመውም። እሱ በ1922 ሞተ፤ ጽሑፉ የወጣው በ1954 ነው። ዝነኛው ባለ ሰባት ክፍል ልቦለዱ «የጠፋውን ጊዜ ፍለጋ» ግን ከዚሁ ጅምር ውስጥ በቅሏል።

እኔን የሚነካኝ ሌላ ነገር ነው። ፕሩስት ይህን የሒስ ጽሑፍ ያሰበው ጠዋት አልጋው ላይ ሆኖ ከእናቱ ጋር እንደሚያደርገው ጨዋታ አድርጎ ነበር። እናቱ ግን በ1905፣ እሱ ጽሑፉን ከመጀመሩ ጥቂት ዓመታት አስቀድሞ፣ አርፋለች። ስለ ሥነ ጽሑፍ የሚከራከረው ከሌለች እናት ጋር ነው። የደራሲው ሕይወት መጽሐፉን አይገልጽም ያለው ሰው ጽሑፍ፣ የጸሐፊውን ሐዘን ሲያውቁ ይበልጥ ያምራል። ክርክሩ ቀላል እንዳልሆነ ከዚሁ ይታያል።

ከፕሩስት ለመጀመር ረጅሙን ልቦለድ አይክፈቱ። «ስለ ንባብ» የምትለው ጽሑፉ ጥቂት አሥር ገጾች ብቻ ናት። በልጅነት ዕረፍት ቀናት፣ ሰው ሁሉ ለምሳ ሲጠራን መጽሐፍ ይዘን የተደበቅንባቸውን ሰዓታት ታስታውሳለች። ቀጥላም ንባብ ወደ ውስጣዊ ሕይወት ደጃፍ ያደርሰናል እንጂ በእኛ ፈንታ አይኖርልንም ትላለች። ልጁ እንዲያነብ ለሚፈልግ ወላጅ ከዚህ የተሻለ መግቢያ አላውቅም።

«ደራሲው ሞቷል» ያለው ልጅ

በ1960ዎቹ መጨረሻ ሮላን ባርት ከፕሩስትም አልፎ ሄደ። ዓለምን ባነጋገረች አጭር ጽሑፉ «የደራሲው ሞት»ን አወጀ። የጽሑፍ ትርጉም የሚወለደው በጸሐፊው ዘንድ ሳይሆን በአንባቢው ዘንድ ነው፤ አንባቢ እንዲወለድ ደራሲ መሞት አለበት የሚል ነበር። በየዩኒቨርሲቲው እስከ ዛሬ ይጠቀሳል።

ነገር ግን ባርትን ከዚያ ብቻ የሚያውቁት ከሆነ ግማሹን ነው የሚያውቁት። እናቱ አንሪዬት በ1977 ስትሞት የፎቶዎቿን ክምር ይዞ ተቀመጠ። ከዚያ ሐዘን ውስጥ የወጣችው «ብሩህ ክፍል» (በፈረንሳይኛ «ላ ሻምብር ክሌር») በ1980 ታተመች። ከፎቶ ወደ ፎቶ እያለፈ እናቱን ይፈልጋል፤ ይህኛው እሷን አይመስልም፣ ያኛውም አይመስልም። በመጨረሻ የሚያገኛት የአምስት ዓመት ልጅ ሆና በተነሣችው ፎቶ ላይ ነው። መጽሐፏ ውስጥ ብዙ ፎቶዎች አሉ፤ ያ አንዱ ፎቶ ግን የለም። ለእናንተ ተራ ፎቶ ነው ብሎ ለራሱ አስቀረው። በስልክዎ ውስጥ የሞተ ዘመድ ፎቶ ካለ ይህችን መጽሐፍ ያለ አስተርጓሚ ይረዷታል።

አባታቸውን ያላወቁ ሦስት ልጆች

የባርት አባት የባሕር ኃይል መኮንን ነበር። በ1916 በአንደኛው የዓለም ጦርነት ሲሞት ልጁ አንድ ዓመት አልሞላውም። የዣን ፖል ሳርትር አባት በ1906 ሲያርፍ ልጁ ገና በሁለተኛ ዓመቱ ነበር። የአልቤር ካሙ አባት በ1914 በማርን ጦርነት ቆስሎ ሲሞት ካሙ አንድ ዓመት አልሞላውም። የ20ኛው ክፍለ ዘመን ፈረንሳይን አስተሳሰብ የቀረጹት እነዚህ ሦስት ሰዎች አባት የሚባል ሰው አላስታወሱም። ሦስቱም ስለ ልጅነታቸው ጽፈዋል። ሦስቱም ግን የጻፉት ፍጹም የተለያየ ነው።

ሳርትር በአያቱ ቤት፣ በአያቱ መጻሕፍት መካከል አደገ። «ቃላት» የተባለው የልጅነት ታሪኩ በ1964 ወጣ፤ የኖቤልን ሽልማት አልቀበልም ያለውም በዚያው ዓመት ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ለራሱ ምንም ርኅራኄ የለውም። ዐዋቂዎችን ለማስደሰት አንባቢ መስሎ የሚተውን ልጅ እንደነበር ይነግረናል። ልጁን በእንግዳ ፊት «እስቲ ግጥሙን በልላቸው» የሚል ወላጅ ሁሉ ይህን መጽሐፍ ቢያነብ መልካም ነው። አድናቆት ልጅን እንዴት ተዋናይ እንደሚያደርገው ይታያል።

ካሙ ያደገው በአልጄርስ ድሃ ሰፈር ነው። እናቱ በሰው ቤት እያጸዳች ታሳድገው ነበር፤ ጆሮዋ በደንብ አይሰማም፣ ማንበብም አትችልም ነበር። በ1957 የኖቤል ሽልማት ሲያገኝ፣ ከእናቱ ቀጥሎ ያሰበው የአንደኛ ደረጃ መምህሩን ሉዊ ዠርማንን ነበርና የምስጋና ደብዳቤ ጻፈለት። በጥር 1960 በመኪና አደጋ ሲሞት በቦርሳው ውስጥ ያልተጠናቀቀ የልቦለድ ረቂቅ ተገኘ። ልጁ ካትሪን በ1994 «የመጀመሪያው ሰው» በሚል ርዕስ አሳተመችው። ለመምህሩ የጻፈው ደብዳቤም መጨረሻው ላይ ተያይዟል።

በመጽሐፉ ውስጥ አንድ ጎልማሳ የአባቱን መቃብር ሊያይ ይሄዳል። በድንጋዩ ላይ የተጻፉትን ዓመታት ያሰላና ይደነግጣል፤ እዚያ የተቀበረው አባቱ ከእሱ ያነሰ ወጣት ነው። አባትነት ምን እንደሆነ፣ ድህነት ትዝታን ጭምር እንዴት እንደሚወስድ፣ አንድ መምህር የአንድን ልጅ ዕድል እንዴት እንደሚለውጥ ለማወቅ ከዚህ በላይ ምን ይነበባል? መጽሐፉን ካሙ ያሰበው ፈጽሞ ልታነበው ለማትችለው እናቱ ነበር። ይህን የሚያውቅ ሰው እያንዳንዱን ገጽ በሌላ ዓይን ያያል።

ከሱቅ በስተጀርባ ያደገችው ልጅ

በ2022 የሥነ ጽሑፍ ኖቤልን ያገኙት አኒ ኤርኖ ናቸው፤ ይህን ሽልማት ያገኙ የመጀመሪያዋ ፈረንሳዊት ሴትም ሆነዋል። ያደጉት በኖርማንዲ፣ ኢቭቶ በተባለች ትንሽ ከተማ፣ ወላጆቻቸው በሚያስተዳድሩት ቡና ቤትና ሸቀጣ ሸቀጥ ሱቅ ውስጥ ነው። የመምህርነት ፈተናቸውን ባለፉ በሁለት ወሩ አባታቸው ሞቱ። በ1983 የታተመችው «ቦታ» (በፈረንሳይኛ «ላ ፕላስ») የእኚህ አባት ታሪክ ናት።

መጽሐፏ መቶ ገጽ ገደማ ብቻ ናት። አባታቸው የእርሻ ቅጥር ሠራተኛ፣ ከዚያ የፋብሪካ ሠራተኛ፣ በኋላ ባለ ሱቅ ነበሩ። ልጃቸውን አስተማሩ። ልጅቱ በተማረች ቁጥር ግን በአባትና በልጅ መካከል የማይጠራ ርቀት ገባ። አነጋገራቸው ያሳፍራታል፤ ማፈሯም ያሳፍራታል። ኤርኖ ይህን ያለ ጌጥ፣ ለወላጅ ደብዳቤ በሚጻፍበት ቀላል ቋንቋ ጻፉት። ከገጠር ወይም ከትንሽ ከተማ መጥቶ ተምሮ፣ ቢሮ ገብቶ፣ ለበዓል ወደ ወላጆቹ ሲመለስ የሚያወራው ነገር ያጣ ሰው በየቤታችን አለ። ከዚህ ዝርዝር አንድ መጽሐፍ ብቻ የሚያነቡ ከሆነ እሱ ይሁን።

ሁጎ በአንዲት ቀን ውስጥ የደበቀው

የቪክቶር ሁጎን «መከረኞቹ» በአማርኛ ያነበቡ ጥቂቶች አይደሉም። የደራሲውን ሕይወት ለማወቅ ከፈለጉ ሁለት መጻሕፍት አሉ፤ አንድሬ ሞርዋ በ1954 የጻፈው «ኦሊምፒዮ» እና እንግሊዛዊው ግሬም ሮብ በ1997 ያሳተመው «ቪክቶር ሁጎ»። የመጀመሪያው እንደ ልቦለድ ይፈስሳል፤ ሁለተኛው ብዙ ማስረጃ የያዘና ቀልደኛም ነው።

በመስከረም 1843 የሁጎ የበኩር ሴት ልጅ ሌዎፖልዲን ከባሏ ጋር በሴን ወንዝ ላይ ጀልባ ተገልብጦ ሞተች። ዕድሜዋ 19 ነበር፤ ካገባች ዓመት አልሞላትም። ሁጎ በጉዞ ላይ ነበርና መርዶውን ያገኘው ከቀናት በኋላ፣ ቡና ቤት ተቀምጦ ከጋዜጣ ላይ ነው። «መከረኞቹ»ን መጻፍ የጀመረው ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ዣን ቫልዣን ያሳደጋትን ኮዜትን ሲድር የሚሰማውን ባዶነት ይህን አውቀው ያንብቡት። ሌላም አለ። በልቦለዱ ውስጥ የኮዜትና የማርዩስ ሠርግ ቀን የካቲት 16 ቀን 1833 ነው። ያ ቀን ሁጎ ከዕድሜ ልክ ወዳጁ ከተዋናይቷ ዡልዬት ድሩዌ ጋር ፍቅር የጀመረበት ቀን ነው። እሱ በበኩሉ ባለትዳር ነበር። አንዲት ቀን ለሚስቱ ልትነበብ ትችላለች፤ ምሥጢሯን የምታውቀው ግን አንዲት ሴት ብቻ ናት። ሕይወት ታሪክ ማንበብ ሰውን ከነክብሩና ከነነውሩ ያሳየናል የሚባለው ለዚህ ነው።

ሐረር ላይ ዝም ያለው ገጣሚ

የደራሲ ሕይወት ሁልጊዜ መልስ አይሰጥም። ማስረጃው እኛው አገር አለ። አርተር ራምቦ የፈረንሳይን ግጥም የለወጠው ከ21 ዓመቱ በፊት ነው። ከዚያ አቆመ። በ1880 መጨረሻ ሐረር ገባ፤ ለአንድ የንግድ ቤት ቡናና ቆዳ ገዛ፤ በኋላም ለንጉሥ ምኒልክ ጠመንጃ አመጣ። በ1891 እግሩን ታምሞ በቃሬዛ ወደ ባሕር ወርዶ፣ ማርሴይ ላይ እግሩ ተቆርጦ፣ በዚያው ዓመት ኅዳር ውስጥ በ37 ዓመቱ ሞተ።

ከሐረር ለእናቱና ለእህቱ የጻፋቸው ደብዳቤዎች ታትመዋል። ስለ ግጥም የሚያወሩ የሚመስልዎት ከሆነ ይገረማሉ። የሚጠይቀው የእጅ ሙያና የምህንድስና መጻሕፍት እንዲላኩለት ነው፤ የሚያማርረው ስለ ገንዘብና ስለ ብቸኝነት ነው። በ1883 በጻፈው ደብዳቤ ወንድ ልጅ ቢኖረኝ፣ እንደ ሐሳቤ ባሳድገው፣ መሐንዲስ ቢሆንልኝ ብሎ ይመኛል። ያ ልጅ አልተወለደም። ለምን መጻፍ እንዳቆመም አልነገረንም። የእንግሊዛዊው ቻርልስ ኒኮል «ሌላ ሰው» (1997) ይህንን ዘመኑን ከመንገዱ አቧራ ጋር ይተርካል።

ሐረር ሲሄዱ «የራምቦ ቤት» የሚባለውን ውብ የእንጨት ፎቅ ያዩታል። የሕንድ ነጋዴ ያሠራው ነው፤ ገጣሚው እንደኖረበት የሚያረጋግጥ ማስረጃ የለም። ቢሆንም እንግዳ ሁሉ ይሄድበታል። የደራሲ ሕይወት ለማወቅ ያለን ጉጉት ምን ያህል እንደሆነ ያ ቤት ይመሰክራል።

ታዲያ ሩሶን ምን እናድርገው?

በሙያዬ ዘወትር የማየው ነገር አለ። ጥሩ ስም መጥፎ ዕቃ ይሸጣል፤ መጥፎ ስም ደግሞ ጥሩ ዕቃ ይቀብራል። ገዢ የሚጠቀመው ሁለቱን ለይቶ መመዘን ሲችል ነው። ከመጽሐፍም ጋር እንዲሁ ይመስለኛል።

የሩሶን ምሥጢር በ1764 በስም የለሽ በራሪ ጽሑፍ ያጋለጠው ቮልቴር ነው። ሩሶ «ኑዛዜዎች» በተሰኘውና ከሞተ በኋላ በታተመው መጽሐፉ ሰበብ ይደረድራል፤ ድህነቱን፣ ሕመሙን፣ የዘመኑን ልማድ ይጠቅሳል። አንዱም ሰበብ አያሳርፍም። «ኤሚል» ውስጥ ግን የአባትነትን ግዴታ መወጣት የማይችል ሰው አባት የመሆን መብት የለውም፤ ይህን የተላለፈም ለረጅም ጊዜ መራራ እንባ ያለቅሳል ብሎ ጽፏል። ሕይወቱን ሳያውቁ ይህ ደረቅ ምክር ነው። ካወቁ በኋላ ግን የአንድ አባት ጸጸት ነው።

የእኔ መልስ ይህ ነው። ሕይወቱን ይወቁ፤ ግን መጽሐፉን ካነበቡ በኋላ ይሁን። አስቀድመው ካወቁ ሳንት ቦቭ በስታንዳል ላይ እንዳደረገው መጽሐፉን በሰውየው ይመዝናሉ። ፈጽሞ ካላወቁ ደግሞ መራራው እንባ የማን እንደሆነ ሳይገባዎት ያልፋል። ጥሩ ሐሳብም ባለቤቱ ስላልኖረበት ሐሰት አይሆንም። እኛ ልንኖርበት እንችላለን።

ከየት ይጀምሩ?

ጊዜዎ ጥቂት ከሆነ በየወሩ አንድ መጽሐፍ ይበቃል። የመጀመሪያው ወር የኤርኖ «ቦታ»፣ ሁለተኛው የካሙ «የመጀመሪያው ሰው»፣ ሦስተኛው የሳርትር «ቃላት» ይሁን። ከዚያ ወደ ሒሱ ይለፉ፤ የፕሩስትን «ስለ ንባብ» እና የባርትን «ብሩህ ክፍል» በአንድ ወር ሊጨርሷቸው ይችላሉ። የሁጎን ሕይወት ታሪክ ለረጅም ዕረፍት ያቆዩት። ሩሶ መጨረሻ ላይ ይምጣ፤ ፊት «ኤሚል»፣ ኋላ «ኑዛዜዎች»። «ኤሚል» ረጅም ስለሆነ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ክፍሎች ይበቃሉ።

ሁሉም በፈረንሳይኛና በእንግሊዝኛ ይገኛሉ። አዲስ አበባ ላሉ አንባቢያን ከ1907 ጀምሮ የሚሠራው አሊያንስ ኢትዮ ፍራንሴዝ ቤተ መጻሕፍት አለው። የሩሶ፣ የሁጎና የፕሩስት ሥራዎች የቅጂ መብታቸው ስላበቃ በፈረንሳይኛ በኢንተርኔት በነፃ ይነበባሉ።

አንድ የመጨረሻ ሐሳብ። ከእነዚህ መጻሕፍት አብዛኞቹ የተጻፉት ወላጅ ከሞተ በኋላ ነው። ኤርኖ አባታቸውን፣ ባርት እናቱን፣ ካሙ የማያውቀውን አባቱን ሊጠይቁ የፈለጉትን ለወረቀት ጠየቁት። የእርስዎ ወላጆች በሕይወት ካሉ ዕድለኛ ነዎት። መጽሐፉን ከጨረሱ በኋላ ሄደው አጠገባቸው ይቀመጡና የልጅነታቸውን ነገር ይጠይቋቸው።